ቴአትር ቤት የተለቀሰለት ልጅ

የእኛ ዕድር እስከ ዛሬ ጥሩምባ አልተወም። ከታች ወደ አዲሱ ገበያ ያሉት ዕድሮች ዘምነው ሞትን በስልክ መልእክት ነው የሚያረዱት፤ አንዲት ወዳጄ የአጎቷን መርዶ ያነበበችው ከስልክ ጥቅል ማስታወቂያ ሥር ነው። እኛ ከሽሮ ሜዳ ከፍ ብለን እንጦጦ ሥር የተለጠፍነው ግን ገና በጥሩምባ ነው የምንሞተው። ባለፈው ሰሞን ጎህ ሲቀድ ለፋፊያችን ጋቢውን ተከናንቦ፣ ሳል እያቋረጠው፣ «ወይዘሮ አስካለ አርፈዋል! ቀብር ስምንት ሰዓት! ዕድርተኛ ውጣ!» እያለ በደጄ አለፈ። ከአልጋዬ ወርጄ ነጠላዬን ከሚስማሩ ላይ አወረድኩና እንደ ወጉ ዘቅዝቄ፣ ጥለቱን ወደ አንገቴ አዙሬ ልለብሰው ስል እጄ መንገድ ላይ ቀረ። ለሐዘን ነጠላ መዘቅዘቅ ለሌላው ሰው የወግ ነገር ነው። እኔን ግን መድረክ ያሳጣኝ፣ አስተማሪ ያደረገኝ፣ ከአስካለም ጋር ዕድሜ ልኬን ያቆራኘኝ እሱ ነው። አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ አልኩ። አለቀስኩ ብል ውሸት ነው፤ ተናደድኩ። «አንቺ ሴትዮ፣ ሥራውን ለእኔ ጥለሽልኝ ሄድሽ አይደል!» አልኳት። ምን ሥራ እንደሆነ እደርስበታለሁ፤ አሮጊት አታዋክቡ።

ለማታውቁኝ፣ ወይንሸት እባላለሁ። የመድረክ ሰው ነበርኩ፤ አሁን አስተማሪ ነኝ። የዛሬ ልጆች መልኬን አያውቁትም፣ እናቶቻቸው ግን ሚኒባስ ውስጥ «ወራጅ!» ስል ድምፄን ሰምተው ዞር ይላሉ። ያኔ ገና አፍላ ልጅ ሆኜ፣ ሚኒዬን ለብሼ፣ ታኮ ጫማዬን ቀጭ ቀጭ እያደረግሁ ነበር ወደ ፒያሳ የምወርደው። አውቶቡሱ አሥራ አምስት ሳንቲም ነው፤ እሷ ከታጣች በእግር ነው፣ ቁልቁለት ስለሆነ ማንም አያዝንልሽም። ስድስት ኪሎ ጥግ ላይ የነበረው ሙዚቃ ቤት ሸክላውን ከፍቶ መንገደኛውን ሁሉ በትከሻው ያስኬደዋል። ወንዶቹ አፍሯቸውን አበጥረው ማበጠሪያውን እዚያው ጠጉራቸው ላይ ሰክተው ይሄዳሉ፤ ቤልቦትማቸው አቧራውን ይጠርገዋል። ፒያሳ ስደርስ ከጓደኛዬ ጋር አንድ ሚሊፎኒ ለሁለት እንካፈላለን። ከዚያ ቴአትር ቤት ገብቼ ሚኒዬን አወልቅና የገጠር ቀሚስ አጠልቃለሁ፤ ጠጉሬ ላይ ዱቄት ይነሰነስብኛል፤ ልጇ የሞተባት እናት እሆናለሁ። ድምፄ ከልጅነቴ ወፍራም ስለነበረ ሙሽራ ሆኜ ሠርቼ አላውቅም። ሙሽራዋ ሁልጊዜ ሌላ ናት፣ አልቃሿ እኔ። እናቴ «ልጄ፣ ያልወለድሽውን ስንቱን ቀበርሽ!» ትለኝ ነበር።

ማልቀሱን የተማርኩት እዚሁ ሰፈሬ ነው። ልቅሶ ሲኖር እየተጠራች ሙሾ የምታወርድ አንዲት ሴት ነበረች፤ እኔም ዘመድ መስዬ ከኋላዋ እቀመጥ ነበር። ሳስተውላት እሷ ራሷ አታለቅስም። የሟቹን ነገር ነው የምትጠራው፤ ከዘራውን፣ ኮቱ ላይ የጎደለችውን ቁልፍ፣ በር ሲያንኳኳ እንዴት እንደነበር። ያን ስትጠራ ድንኳኑ ይናወጣል። አንድ ቀን ከኋላ ከኋላዋ ማለቴን አይታ፣ «ሞተ ብትይ ማንም አያለቅስልሽም፤ መሞቱንማ ሁሉም ያውቃል። ዕቃውን ጥሪ» አለችኝ። ይኸው ቅዳሜ ቅዳሜ ወጣት ማዕከሉ አዳራሽ ለማስተምራቸው ልጆች እስከ ዛሬ የምለው ይህንኑ ነው። ልጆቹ ደግሞ አሉላችሁ! አንዷ ባለፈው እንባ እንዲመጣላት ዓይኗ ሥር የጉንፋን ቅባት ተለቅልቃ መጣች። «ይኼ ምንድነው?» ስላት፣ «ቲቸር፣ ቲክቶክ ላይ አይቼ ነው» አለችኝ። ሄደሽ ታጠቢ ብዬ አባረርኳት። ታጥባ ስትመለስ ዓይኗ በርበሬ መስሎ ስለነበር ሳቄ መጣ።

ወደ ነገሬ ልመለስ። ያ ክፉ ጊዜ መጣ። ዓመቱን አልጠራም፤ የኖረበት ያውቀዋል፣ ያልኖረበት ባያውቀው አልፈርድበትም። አፍሯቸውን የሚያበጥሩት ልጆች አንድ በአንድ ከመንገድ ጠፉ። ሙዚቃ ቤቱ ሸክላውን ትቶ ማርሽ ብቻ ማሰማት ጀመረ። ሚኒውም፣ ቤልቦትሙም በካኪ ተተካ። ጠዋት ጠዋት አስፋልት ዳር የልጆች ሬሳ ተጥሎ ይገኝ ነበር። ከዚህ ሁሉ በላይ ደግሞ ምን መሰላችሁ፤ ማልቀስ ክልክል ሆነ። ድንኳን የለም፣ ጥሩምባ የለም፣ ጥቁር መልበስ የለም፣ ነጠላ መዘቅዘቅ የለም። ልጇ የተገደለባት እናት በማግስቱ ቦኖ ወርዳ ውሃ መቅዳት፣ ጎረቤቷን «እንዴት አደርሽ?» ብላ ፈገግ ማለት አለባት። ካለቀሰች የሌላውን ልጇንና የባሏን ሞት ነው የምትጠራው። አገራችን ድሮም ሞት አጥታ አታውቅም፤ ልቅሶ ስታጣ ግን ያን ጊዜ አየሁ። እግዜር አያሳያችሁ።

እኛ የምንሠራው ድርሰት የተፈቀደ ነው። አንድ የገበሬ ልጅ ዘምቶ ጦር ሜዳ ይሞታል፤ እናቱ በመጨረሻው ክፍል ሙሾ ታወርዳለች፤ ከዚያ ታናሽ ወንድሙ ጠመንጃውን አንስቶ ይዘምታል፣ ጭብጨባ ይሆናል። ለወታደር ማልቀስ ይቻላላ! ሰዓት እላፊ ስለነበረ የምናሳየው እሑድ ከሰዓት ነው። ከፊት ጓዶቹ ይቀመጣሉ፣ ከኋላ ሕዝቡ። መብራቱ ደብዘዝ ሲል እኔ ነጠላዬን ዘቅዝቄ መሬት ተቀምጬ እጀምራለሁ፤

«እርፉን ማን ይጨብጠው፣ በሬው ማንን ይስማ፣
ልጄ በሜዳ ቀርቶ፣ ጎጆዬ ጨለማ።»

በመጀመሪያ ሰሞን አዳራሹ በለቅሶ ሲናጥ «ወይንሸት፣ ተዋናይ ማለት አንቺ ነሽ!» አልኩ ለራሴ። ተዋናይ ጉረኛ ነው፣ ምን ላድርግ። እያደር ግን ነገሩ ገባኝ። እሑድ በመጣ ቁጥር የማያቸው እነዚያኑ ሴቶች ነው፤ ከኋላ፣ ዳር ዳሩን ይዘው። ሲገቡ ነጠላቸው እንደ ማንም ሰው ነው። ሙሾው ሊጀመር ሲል ግን በጨለማው ውስጥ ይዘቀዝቁታል፤ ጥለቱ ወደ አንገታቸው ሲመጣ ከመድረክ በሚያመልጠው ብርሃን ይታየኛል። አልቅሰው አልቅሰው፣ ታናሽየው ጠመንጃውን ሲያነሳ መልሰው ይገለብጡታል። መብራት ሲበራ ሁሉም የእሑድ ተመልካች ነው፤ ዓይኑን ያበሰም ቢኖር በቴአትር ነው። እነዚያ ሴቶች የሚያለቅሱት ለእኔ የድርሰት ልጅ አልነበረም። ቲኬት ቆርጠው፣ ወንበር ላይ፣ ለየራሳቸው ልጅ ልቅሶ ይቀመጡ ነበር። ያን ያወቅሁ ዕለት ጉራዬ ሁሉ ከላዬ ላይ ረገፈ።

ከእነሱ አንዷ ጎረቤቴ እትዬ አስካለ ነበረች። አንድ ግቢ ነው የምንኖረው፣ ግድግዳችን የጋራ ነው። ሰዎቿ ከጋሞ የመጡ ናቸው፤ ባሏ ሸማኔ፣ እሷ ጥጥ ፈታይ። የሽመናው ጉድጓድ ከአልጋዬ ግድግዳ ወዲያ ስለነበር ቀኑን ሙሉ ጣ ጣ ሲል እሰማዋለሁ። የመጀመሪያ ልጇ ወንድ ነው፤ ስሙን ቆይቼ ነው የምጠራው፣ ቦታ አለው። ግራኝ ነበር። ከትምህርት ቤት ሲመለስ ከአባቱ ጋር ሽመና ተቀምጦ መወርወሪያውን በግራ እጁ ይልካል፤ ከሕፃንነቱ ጀምሮ የመርገጫውን ገመድ በእግሩ ጣት እየያዘ ስላደገ የአውራ ጣቱ ውስጠኛ ጎን ጠጥሮ ጠጥሮ ድንጋይ ሆኗል። አፉ ከፉጨት አይቦዝንም። እሱ በሩ ላይ ሳይደርስ ፉጨቱ ይደርሳል፤ እናቱም «ተው፣ ሰይጣን ትጠራለህ!» እያለች ትቆጣለች። እኔን ሲያገኝ «ዛሬስ ማንን ቀብረሽ መጣሽ?» ብሎ ይቀልድብኛል። ወንድም ስላልነበረኝ እወደው ነበር።

መንገድ ጥግ ላይ የቀበሌ ጠባቂዎች ያዙት። ሰንበት ብሎ አንድ ማለዳ፣ አስካለ የስድስት ዓመት ልጇን ሰናይትን በእጇ ይዛ፣ እንስራዋን አዝላ ቦኖ ስትወርድ መንገድ ዳር ልጆች ተጥለው አየች። ፊታቸው ተሸፍኗል፣ ጫማ የላቸውም። የአንደኛውን እግር አየችና ጣቱን አወቀችው። ቆማ የተገኘች ሴት እንደምትያዝ ሁሉም ያውቃል፤ ጠባቂዎቹ እዚያው ቆመዋል። ሕፃኗ «እማዬ፣ ያ...» ብላ ልትጮህ ስትል አስካለ እጇን ጎትታ፣ «ቀስ በይ፣ ሰው ይሰማል» አለቻት። አለፈች። ወረፋዋን ጠብቃ ውሃዋን ቀዳች። ቤት ስትገባ ለባሏ ነገረችው፤ ሰውየው ሽመናው ላይ ተመልሶ ተቀመጠ፤ ሽመና ካቆመ ሐዘን ገባ ይባላላ! ያን ቀን ከግድግዳው ወዲያ ያንን ጣ ጣ ስሰማ ዋልኩ፤ ምንም አላወቅሁም። ከዚያ ወዲህ «ስንት ልጆች አሉሽ?» ላላት ሁሉ «ሁለት፣ ሁለቱም ሴቶች» ሆነ መልሷ። ሰናይትንም እንደ ጸሎት አስጠናቻት። «ስንት ናችሁ?» «ሁለት ነን።» ታናሿ ገና ጡት ላይ ስለነበረች ማስጠናት እንኳ አላስፈለጋትም፤ እንደዚያው ብላ አደገች።

ይህን ሁሉ የነገረችኝ ከወራት በኋላ ነው፤ ጥጥ ስታባዝት አጠገቧ ተቀምጬ፣ ያውም በሹክሹክታ። ድምፄ ከፍ ባለ ቁጥር «ቀስ በይ» ትለኛለች፤ ቃሉ አመል ሆኖባታል። «ወይንዬ፣ እሑድ እሑድ ያንቺን ልጅ አለቀስኩት» አለችኝ። «ግን የገበሬ ልጅ ነው። በሬ ነው የምትጠሪው። የእኔ ልጅ በሬ ምን ያውቃል?»

«ታዲያ ምን ልበልልሽ?» አልኳት።

ጥጡን አስቀመጠች። «ስሙን አልልሽም። ዕቃውን ጥሪልኝ።»

በሚቀጥለው እሑድ ጠራሁለት። ማንንም አላስፈቀድኩም፤ እንዲህ ያለ ነገር ደግሞ ተፈቅዶ ይሠራል? የበሬውን ግጥም ብዬ ስጨርስ ዝም ማለት ሲገባኝ ቀጠልኩ፤

«በግራ ሲወረውር፣ በቀኝ ሲቀበለው፣
ልጄን ከነፉጨቱ፣ ማነው የወሰደው።
እግሩን አይቼ አለፍኩ፣ ፊቱን ሳልገልጠው፣
የእናት ሆድ አፍ የለው፣ በምን በኩል ያውጣው።»

የመጀመሪያዎቹን ሁለት መስመሮች ቤት አዘጋጅቼ ነው የመጣሁት። የኋለኞቹ ግን ራሳቸው መጡ፤ ከአፌ ከወጡ በኋላ ነው የደነገጥኩት። አዳራሹ እንደ ወትሮው አልጮኸም። ከኋላ አንድ ድምፅ ብቻ፣ ምጥ የያዛት ሴት የምታወጣው ዓይነት፣ ተሰማ። ታናሽየው ጠመንጃውን አነሳ፣ መብራቱ በራ። ሴቶቹ ሁሉ ነጠላቸውን መልሰዋል። አስካለ ግን ረሳች። የሌላውን ልጅ ስታለቅስ አንድም ቀን ያልዘነጋችውን፣ የራሷ ልጅ ሲመጣ ዘነጋችው። በዚያ ሁሉ ብርሃን መሀል ነጠላዋን ዘቅዝቃ፣ እጇን ጭኗ ላይ ጥላ፣ ድንኳን ውስጥ እንዳለ ሰው ተቀምጣለች። ከፊት ወንበር አንዱ ጓድ እያጨበጨበ ብድግ ብሎ ዞር ሲል አያት። ማጨብጨቡን አቆመ።

ለማሰብ ጊዜ አልነበረም። ከመድረክ ወረድኩ፤ እየሳቅሁ ነው የወረድኩት። በመተላለፊያው ሄጄ ፊቷ ቆምኩና ነጠላዋን ይዤ፣ እስከ መጨረሻው ወንበር በሚሰማ ድምፅ፣ «እናቴ! ቴአትር ነው እኮ! እውነት መሰለሽ እንዴ? የሞተ የለም! ያውልሽ ልጁ፣ ከመጋረጃው ኋላ ሲጋራውን ያቦናል!» አልኳት። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። ጓዱም ሳቀ፤ «ምስኪን፣ ቴአትር አይታ አታውቅም» አለ። ነጠላዋን እንደ ሕፃን አስተካክዬ አለበስኳት። አስካለ ቀና ብላ አየችኝ፤ ገባት። ከዚያ እሷም ሳቀች። አፏን በነጠላዋ ይዛ፣ ትከሻዋ እየተንቀጠቀጠ ሳቀች። ዳር ዳሩን የተቀመጡት ሴቶችም ሳቁ፤ ልጆቻቸው የተገደሉባቸው ሴቶች ሁሉ ሳቁ። ብዙ ተዋናይ አይቻለሁ፣ ብዙም አስተምሬአለሁ፤ ያን ዓይነት ነገር የሠራ ግን አላጋጠመኝም። ባያጋጥመኝ ይሻለኛል። ጥፋት ነው አልልም፤ ዛሬም ቢሆን ያንኑ ነው የማደርገው። ግን አሁንም ሕዝብ ሰብሰብ ብሎ ሲስቅ ስሰማ ተነስቼ እወጣለሁ።

እሷን አልነኳትም። እኔን በማግስቱ ጠሩኝ።

«ጓድ ወይንሸት፣ ድርሰቱ ላይ የሌለው ግጥም ከየት መጣ?»

«ስሜት ውስጥ ገብቼ ነው፣ ጓድ።»

«በግራ የሚወረወረው ምንድነው?»

«ጦር ነዋ!» አልኩት፤ ምላሴ ቀደመኝ።

«ጦር ወርውሮ መልሶ ራሱ የሚቀበል የት አገር አለ?» አለኝ። ሰውየው ሞኝ አልነበረም። በሌላ ቀን ቢሆን እስቅ ነበር። እግዜር ፊቱን ስላላዞረብኝ እንጂ እኔም አስፋልት ዳር የምገኝ ነበርኩ። ከመድረክ ተነሺ ተባልኩ። «ጉለሌ ነው ሰፈርሽ? ሂጂና የቀበሌውን ኪነት አስተምሪ» ተባልኩ። እንዲህ ነው አስተማሪ የሆንኩት፤ ሰው ዲፕሎማ አግኝቶ ያስተምራል፣ እኔ ተቀጥቼ ነው። ቆርቆሮ ጣሪያው ዝናብ በመጣ ቁጥር የሚያስጨንቅ አዳራሽ ሰጡኝ። የሸማኔ ልጆች፣ እንጦጦ ወጥተው ጭራሮ የሚያወርዱ ሴቶች ልጆች ወደ እኔ መጡ፤ ቀይ ጨርቅ አንገታቸው ላይ አስረው፣ ግራ እጃቸውን እያነሱ መፈክር እያሰሙ። ልጆች ናቸው፣ ምን ያድርጉ። ከመፈክሩ መሀል አረማመድ አስተማርኳቸው፣ ትንፋሽ አስተማርኳቸው፣ ከሰው ፊት ሲቆሙ እጃቸውን የት እንደሚያደርጉ አስተማርኳቸው። ዘመኑ ሲለወጥ ወደ ቴአትር ቤት ብመለስ ፊቴ ተረስቷል፤ የአሮጊት ቦታውንም ሌሎች ይዘውታል። የጎረቤት አሮጊት ሆኜ ሁለት ዓረፍተ ነገር ተናግሬ የምወጣበት ቦታ ሰጡኝ። አላጉረመረምኩም ብል ትስቁብኛላችሁ፤ አሥራ አምስት ሳንቲሙ ስንት ብር በሆነበት ሚኒባስ ውስጥ ስንት ቀን አልቅሻለሁ። አሁን ከተማሪዎቼ ቴሌቪዥን ላይ የማያቸው አሉ፤ ከታች ከሸጎሌ ሳይቀር ቅዳሜ ቅዳሜ የሚመጡልኝ አሉ። ከሰፈራችን በላይ ባለው እጽዋት ማዕከል ውስጥ ሙሽሮች ፎቶ ሲነሱ እያየሁ በዚያ በኩል እሄዳለሁ፤ በእኔ ጊዜ ወደዚያ ሰው የሚወጣው እንጨት ሊለቅም ወይም ሊደበቅ ነበር። ዛፉ ምንም አያስታውስም፣ ታድሎ።

አስካለ ስለዚያ እሑድ ያነሳችው አንዴ ብቻ ነው። መንግሥት ተለውጦ፣ ሰው የጠፉ ልጆቹን ፎቶ አውጥቶ ግድግዳ ላይ መስቀል የጀመረ ሰሞን ነው። «አሁንማ ይቻላል፣ ድንኳን ጣይለት እንጂ» አልኳት። ዞር ብላ ወደ በሩ አየች። ፍርሃት እንዲህ ነው፤ ያስፈራው ሲሄድ እሱ አይሄድም። «የልጄ ልቅሶ በሳቅ ነው ያለቀው፣ ወይንዬ» አለችኝ። «አልተቀየምኩሽም፤ ያን ባታደርጊ ሰናይትም ዛሬ አትኖርም። ግን በሳቅ ነው ያለቀው። ስሙን ልጥራው ብዬ ብቻዬን ሞክሬአለሁ፣ አፌ እምቢ አለኝ። እኔ ስቀበር አንቺ ጥሪልኝ። ያን ጊዜ ማን ምን ያደርገኛል?»

«እኔ ብቀድምሽስ?»

«አትቀድሚኝም፤ ክፉ ሰው ቶሎ አይሞትም» አለችኝና የዚያን ቀን በእውነት ሳቀች።

ይኸው ነው ጥላልኝ የሄደችው ሥራ። በዚያ የጥሩምባ ጠዋት ገና ነጠላዬን እንደያዝኩ ሰናይት መጣች። ዛሬ የልጅ ልጅ ያየች ሴት ናት፤ ሆስፒታል ነው የምትሠራው፣ በጴንጤ ቤተ ክርስቲያኗ ደግሞ ትዘምራለች። እናቷንም ከነመቋሚያዋ ወደዚያው ወስዳ አስጠምቃታለች። «እትዬ፣ የሕይወት ታሪኳን መቃብሩ ላይ አንቺ አንብቢልን፤ ከአንቺ ሌላ ማን ድምፅ አለው?» አለችኝና አንድ ወረቀት ሰጠችኝ። መነጽሬን አድርጌ አነበብኩት። ተወለዱ፣ አገቡ፣ ጥጥ ፈተሉ፣ ጌታን ተቀበሉ። ወይዘሮ አስካለ የሁለት ሴት ልጆች እናት ነበሩ ይላል።

«ሰናይት፣ ሁለት ነው የሚለው።»

«አዎ፣ ሁለት ነን» አለችኝ። ፊቷ ላይ ምንም ነገር የለም።

«ወንድምሽስ?»

ወረቀቱን ልትቀበለኝ እጇን ዘረጋች። «እትዬ፣ እማዬ ራሷ ዕድሜዋን ሙሉ ሁለት ነው ያለችው። የእናቴን ቃል አልለውጥም። የመሥሪያ ቤት ሰው ይመጣል፣ የቤተ ክርስቲያን ሰው ይመጣል፤ አሁን ይኼን ማንሳት ምን ያደርጋል? እኛ ተስፋ እንደሌለው ሰው ዋይ ዋይ አንልም። በሰላም እንሸኛት፣ በእናትሽ።»

ጭኔ ላይ አሳድጌአታለሁ፤ ዛሬ ደግሞ እናቷ የሞተችባት እሷ ናት እንጂ እኔ አይደለሁም። «እሺ፣ አነባለሁ» አልኳት። ምን እንደማነብ አልነገርኳትም። እስከ ቀብሩ ሰዓት ከሬሳዋ ጋር ስከራከር ቆየሁ ማለት ይቻላል። አንዴ የሟች ቃል ይበልጣል እላለሁ፣ አንዴ ደግሞ የሟች ነገር አለቀ፣ የምትኖረው ሰናይት ናት እላለሁ። ድንኳኑ ውስጥ ፕላስቲክ ወንበር ላይ ተቀምጬ ቆሎ ሲያዞሩ እንኳ አላየሁም። ዓይኔ ሰናይት ላይ ነበር። እናቷ ከሞተችበት ሰዓት ጀምሮ እንባ አልወጣትም ብለው ሴቶቹ ሲንሾካሾኩ ሰማሁ። «እምነቷ ነው» አለች አንዷ። እኔ ግን እምነት አልመሰለኝም።

ጉለሌ መካነ መቃብር ስንደርስ መዘምራኑ በቀስታ ይዘምራሉ፤ የልጅ ልጆቿ ፎቶዋ የታተመበት ጥቁር ቲሸርት ለብሰዋል። ነጠላ የዘቀዘቅነው እኔና ጥቂት አሮጊቶች ነን። ማይክ ሰጡኝ። በመድረክ ዘመኔ ማይክ ይዤ አላውቅም፣ አስፈልጎኝም አያውቅ፤ ዛሬ ግን ድምፄ ስለተሰነጠቀ ተቀበልኩት። ተወለዱ አልኩ። አገቡ አልኩ። ጥጥ ፈተሉ አልኩ። ያቺ መስመር ላይ ስደርስ ሰናይት መሬት መሬት ታያለች። ወረቀቱን አጠፍኩት።

«ወይዘሮ አስካለ የሦስት ልጆች እናት ነበሩ» አልኩ። «የመጀመሪያ ልጃቸው ታምራት ይባላል። ግራኝ ነበር። ያፏጭ ነበር። ሸማኔ ነበር፤ የእግሩ ጣት ከመርገጫው የተነሳ ጠጥሮ ነበር። መንገድ ዳር ተገድሎ ተጣለ፤ እናቱ በእግሩ አወቀችው። ድንኳን አልተጣለለትም፣ ጥሩምባ አልተነፋለትም። ዛሬ ነው ልቅሶው።»

ዝማሬው ቆመ። ሰናይት አላለቀሰችም። ዞር ብላ ወደ መቃብሩ በር አየች፤ ልክ እናቷ እንደምታየው። ከዚያ ወደ እኔ መጥታ ክንዴን ያዘችኝ። ጠጉሯ የሸበተ ሴት፣ በስድስት ዓመት ሕፃን ድምፅ፣ «እትዬ፣ ቀስ በይ፣ ሰው ይሰማል» አለችኝ። ማይኩ አፌ ሥር ስለነበር ሹክሹክታዋ በድምፅ ማጉያው መቃብሩን ሁሉ አዳረሰው።

«ይስማ፣ ልጄ» አልኳትና ደግሜ ጠራሁት። «ታምራት!»

ማንም አልሳቀም።